ትርፍ ህልም፦ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም የገባን ሰሞን ጠዋት ጠዋት የታክሲ ሰልፍ ላይ የሚወራው ሁለት ነገር ነበር። ማታ ውሃ መጣ ወይ? ዛሬስ ታክሲ አለ ወይ? ሦስተኛውን ወሬ ያመጣሁት እኔ ነኝ። አንድ ቀን አፌን አዳልጦኝ ያየሁትን ህልም ከፊቴ ለቆመችው ሴትዮ ነገርኳት። ከኋላዬ ያለው ሰውዬ «እኔም እኮ!» አለ። ከዚያ ወዲህ ሰልፉ ህልሙን እየያዘ ወደ እኔ ይመጣል። ጥያቄው ያው ስለሆነ እዚህ ጽፌ አስቀመጥኩት። ሐኪም አይደለሁም። ማንበብ የምወድ፣ ጠዋት ጠዋት ሁለት ሰዓት ያህል መንገድ ላይ የምቀመጥ ሰው ነኝ።

ትርፍ ህልም ምንድን ነው?

የአዲስ አበባ ሰው ትርፍ ምን እንደሆነ አይነገረውም። ለአሥራ ሁለት ሰው የተሠራ ሚኒባስ አለ። ወያላው «እስቲ ጠጋ ጠጋ በሉ» ይላል። አሥራ ስድስት ሰው ይሆናል። ያ ነው ትርፍ።

ህልሙም እንደዚያው ነው። የተኛችሁት አሥር ደቂቃ ነው። የተጫነበት ግን የሦስት ቀን ሠርግ ነው። ወይም የአንድ ክረምት እርሻ። ወይም ልጅ ወልዶ፣ አሳድጎ፣ ትምህርት ቤት ማስገባት። ስትነቁ ሰዓት ታያላችሁ። አታምኑትም።

የእኔ እንዲህ ነበር። አቃቂን ሳናልፍ ዓይኔ ተከደነ። አያቴ አገር ሄድኩ። ጎጆ ቀለስኩ። ዘራሁ፣ አረምኩ፣ አጨድኩ። ከጎረቤት ጋር በድንበር ተጣላሁ። ሽማግሌ ገባ፣ ታረቅን። ለዕርቁ ጠላ እየቀዳሁ ሳለ «ወራጅ አለ!» የሚል ድምፅ ሰማሁ። ነቃሁ። ቃሊቲ ነን። ስልኬን ሳየው ያለፈው አሥራ አንድ ደቂቃ ነው። ያንን ጎረቤቴን ግን እስከ ሳሪስ ድረስ ናፍቄዋለሁ።

በሕክምና የታወቀ ነገር ነው?

አይደለም። ስሙን ያወጣነው ሰልፍ ላይ ነው። ሐኪም ጋ ሄዳችሁ «ትርፍ ህልም ይዞኛል» ብትሉ ግራ ይገባዋል። ነገሩ ራሱም እኛ እንደምንለው ላይኖር ይችላል፤ ወደዚያ እንመጣለን። ህልምና ጊዜ ግን ብዙ ሰው የደከመባቸው ጉዳዮች ናቸው። የምለው ከዚያ የለቀምኩትን ነው።

በእርግጥ ህልም ውስጥ ሰዓት ይፈጥናል?

የሚጠይቀኝ ሰው አብዛኛውን ጊዜ መልሱን ይዞ ነው የሚመጣው። «በህልም አንድ ደቂቃ አንድ ሰዓት ነው» ብሎ ሒሳብ የሠራልኝም አለ። የተደረገው ምርምር ግን ወደ ሌላ በኩል ያጋድላል።

እ.ኤ.አ. በ1953 የቺካጎ ዩኒቨርሲቲ ሰዎች፣ ዩጂን አሴሪንስኪና ናትናኤል ክላይትማን፣ አንድ ነገር ጻፉ። የተኛ ሰው ዓይኑ ከቆቡ ሥር በየተወሰነ ጊዜው ቶሎ ቶሎ ይንቀሳቀሳል። በዚያ ሰዓት የቀሰቀሳችሁት ሰው አብዛኛውን ጊዜ ህልም ላይ እንደነበር ይነግራችኋል። ይህ የእንቅልፍ ክፍል ሬም ይባላል።

ከአራት ዓመት በኋላ ክላይትማንና ዊልያም ዴመንት ሌላ ነገር ሞከሩ። ሰዎችን ሬም በገቡ በአምስተኛው ወይም በአሥራ አምስተኛው ደቂቃ እየቀሰቀሱ ጠየቋቸው። «ስታልም የቆየኸው አምስት ደቂቃ ነው ወይስ አሥራ አምስት?» ሰዎቹ ከ80 በመቶ በላይ የሚሆነውን ጊዜ በትክክል መለሱ። እንቅልፍ ላይ የነበረ ሰው ማለት ነው። በህልም አንድ ደቂቃ አንድ ሰዓት ቢሆን ኖሮ ይህን ልዩነት እንዲህ አይለዩትም ነበር።

የበለጠ የሚገርመኝ ቀጥሎ ያለው ነው። ህልም ላይ መሆናቸውን እያወቁ የሚያልሙ ሰዎች አሉ። በሬም ጊዜ አካላችን በሙሉ የታሰረ ያህል ነው፤ ዓይን ግን ይንቀሳቀሳል። ስታንፎርድ የነበረው ስቲቨን ላበርጅ እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ በዚህ ተጠቀመ። አላሚዎቹ ህልማቸው ውስጥ ሆነው ዓይናቸውን ግራና ቀኝ በማዞር ምልክት ይሰጣሉ። ከዚያ እስከ አሥር ይቆጥራሉ። ሲጨርሱ ደግሞ ምልክት ይሰጣሉ። በመሣሪያ ሲለካ የፈጀው ጊዜ ነቅተው ሲቆጥሩ ከሚፈጀው ብዙም አይለይም።

በኋላም ዳንኤል ኤርላኸርና ሚካኤል ሽሬድል የሚባሉ ጀርመኖች ሰዎቹን በህልማቸው ቁጢጥ ብድግ አሰሯቸው። ቁጢጥ ብድግ ማለቱ በንቃት ከሚወስደው ጊዜ በላይ ወሰደ። ልብ በሉ፣ ህልሙ ዘገየ እንጂ አልፈጠነም። ትርፍ የጫነ የመሰለን ታክሲ ጭራሽ ወንበሩም አልሞላ።

ታዲያ ለምን ሦስት ቀን ይመስላል?

እላይ ፎቅ ያለችው ጎረቤቴ የእህቷን ሠርግ ሦስት ቀን ሙሉ ስታስተናግድ አደረች። በህልሟ። የተኛችው ደግሞ ከልጆቹ ቁርስ በኋላ፣ ሶፋ ላይ፣ ሩብ ሰዓት ነው። «አልዋሽህም፣ ሦስት ቀን ነው» አለችኝ። እሺ ንገሪኝ አልኳት፤ ስልኬ ላይ ሰዓት መቁጠር ጀመርኩ።

አራት ደቂቃ ሳይሞላ ጨረሰች። ድንኳን ተተከለ። ወጥ አረረ። ሙሽራው ዘገየ። በማግስቱ መልስ ነበር። በሦስተኛው ቀን ጫማዋ ጠፋ። አለቀ።

«በሁለተኛው ቀን ቁርስ ምን በላሽ?» አልኳት። ዝም። «ሌሊቱን የት አደርሽ?» ዝም። «ከወጡ ማረር እስከ ሙሽራው መምጣት ምን ስትሠሪ ቆየሽ?» አሁን ተናደደች። «ሠርጌን አበላሸህብኝ!» ብላ ገባች። ለሁለት ቀን አላናገረችኝም። የእውነት ሁለት ቀን።

ነገሩ እዚህ ጋ ነው ያለው። ህልሙ ሦስት ቀን አላሳያትም። ሦስት ቀን እንዳለፈ ነው የነገራት። «በማግስቱ» የምትል ስሜት ብልጭ ስትል አእምሮ ሌሊቱን ይቀበላል፤ ሌሊቱ ራሱ ግን የለም። ፊልም ስናይም እንዲህ ነው። ልጁ በር ዘግቶ ይወጣል፣ ሲመለስ ጢም አብቅሏል። ሰው ሁሉ ዓመታት እንዳለፉ ይገባዋል። ትኬቱን የቆረጥነው ግን ለሁለት ሰዓት ነው። ሲኒማ ቤት ይህ አይገርመንም፤ እንቅልፍ ላይ ግን «እንዴት አድርጎ ያዘው?» እንላለን።

ሌላም አለ። ያለፈን ጊዜ የምንለካው በሰዓት አይደለም። በትዝታ ብዛት ነው። ሚሼል ሲፍር የሚባል ፈረንሳዊ እ.ኤ.አ. በ1962 ሰዓትም ፀሐይም ሳይኖረው ዋሻ ውስጥ ሁለት ወር ኖረ። ሲወጣ ቀኑ ሴፕቴምበር 14 ነበር፤ እሱ ግን ገና ኦገስት 20 ነው ብሎ ያምን ነበር። በእኛ ቢቆጠር መስከረም 4 ላይ ሆኖ ነሐሴ 14 መስሎታል። እንቁጣጣሽ አምልጦታል ማለት ነው። ዋሻው ውስጥ ሳለ በሴኮንድ አንድ እየቆጠረ እስከ 120 ይድረስ ሲባል አምስት ደቂቃ ፈጅቶበታል። ይህ ሁሉ የሆነው ነቅቶ ነው። ቀኑ ሁሉ አንድ ዓይነት፣ ጨለማና ብርድ። የሚታወስ ሲያጣ ጊዜው አነሰበት።

አሁን ወደ እኛ ታክሲ ኑ። ከቱሉ ዲምቱ እስከ መስቀል አደባባይ የፈጀብኝን ሁለት ሰዓት ማታ ላስታውሰው ብል ምን አለው? የፊት ወንበር ጀርባ፣ የመኪና ጭስ፣ ጎተራ ጋ መቆም። ትናንትም ያው፣ ከትናንት ወዲያም ያው። ያቺ አሥራ አንድ ደቂቃ ግን ጎጆ አላት፣ አዝመራ አላት፣ ጠብ አላት፣ ዕርቅ አላት። ማታ ሁለቱን ባነጻጽር የቱ ይረዝማል? መንገዱ አይመስለኝም።

ቆራሌው ሲጮህ ህልሜ ውስጥ አስቀድሞ እየጠበቀው ነበር። ይህ እንዴት ይሆናል?

ይህን የጠየቀኝ አንድ ጎረምሳ ነው። በህልሙ እቃ ሲሸጥ፣ ሲከራከር፣ ሰው ሲጠብቅ ቆይቶ በመጨረሻ «ቆራሌው!» የሚል ሰው መጣ። ሲነቃ እውነተኛው ቆራሌው እደጁ ነው። ህልሙ መጨረሻውን ከመጀመሪያው ያውቀው ነበር ማለት ነው?

የእሱን ጥያቄ ከ160 ዓመት በፊት የጠየቀ ሰው አለ። አልፍሬድ ሞሪ ይባላል፤ ፈረንሳዊ ነው። በህልሙ የፈረንሳይ አብዮት ውስጥ ገባ። ተከሰሰ፣ ተፈረደበት፣ በጋሪ ተወሰደ፣ አንገቱ ላይ ስለቱ ወረደ። ደንግጦ ሲነቃ የአልጋው ብረት ተነቅሎ አንገቱ ላይ ወድቋል። ስለዚህ ያ ሁሉ ታሪክ ብረቱ ከነካው በኋላ በቅጽበት የተሠራ ነው ብሎ ደመደመ። ለረጅም ጊዜ ሰው ሁሉ ህልም በቅጽበት ያልቃል ብሎ ያመነው በአብዛኛው በዚህ ሰውዬ ነው።

ሞሪ ግን ህልሙን የጻፈው ካየው ከዓመታት በኋላ ነው። እናንተም የዛሬ ስድስት ወር ያያችሁትን ህልም ንገሩኝ ብላችሁ ምን ያህል አሣምራችሁ እንደምትነግሩኝ አውቃለሁ። ሁለተኛ፣ ህልም ለሚመጣበት ድምፅ ቦታ መስጠት ይችልበታል። ጎረምሳው እቃ እየሸጠ ነበር። ድምፁ መጣ፤ ገዢ ሆነ። ሰው እየጠበቀ ባይሆን ኖሮ ያው ድምፅ ዘመድ ወይም የመንገድ ጩኸት ይሆን ነበር። ስንነቃ ደግሞ ታሪኩን ከመጨረሻው ወደ ኋላ እናስተካክለዋለን። እኔ ራሴ ጠላውን የቀዳሁት «ወራጅ አለ» ከመባሉ በፊት ይሁን በኋላ እምል ዘንድ አልችልም።

መሀል ከተማ ያሉት እንዲህ አያዩም። እኛን ከተማ ዳር ያለነውን ለምን ለየን?

መለየቱን ማንም አልቆጠረም። የቦሌን ሰው ህልም ጠይቀነው አናውቅም። እኔ ግን እንቅልፋችንን ሳየው ምክንያት ያለን ይመስለኛል።

ውሃ እዚህ በፈረቃ ነው። የሚመጣው ደግሞ ሰው ሁሉ በሚተኛበት ሰዓት ነው። ሌሊት ዘጠኝ ሰዓት ላይ ቧንቧው ማንኮራፋት ይጀምራል። ጀሪካን፣ ባልዲ፣ በርሜል። ግማሽ ሰዓት፣ አንዳንዴም አንድ ሰዓት። ጅቡ ከወንዙ ማዶ ይጮሃል። ከዚያ ተመልሶ ሙቅ ብርድ ልብስ ውስጥ መግባት ነው።

እንቅልፍ በዙር ነው የሚሄደው። አንድ ዙር 90 ደቂቃ ገደማ ነው። በእያንዳንዱ ዙር መጨረሻ ሬም አለ። የመጀመሪያው አጭር ነው፤ አሥር ደቂቃ ቢሆን ነው። ወደ ንጋት ሲሄድ ይረዝማል። የጎልማሳ ሬም በሙሉ ሲደመር ከእንቅልፉ ከ20 እስከ 25 በመቶ ይሆናል፤ አብዛኛው ግን የተከማቸው ከሌሊቱ መጨረሻ ላይ ነው። እኛ ታዲያ በዚያው ሰዓት ተነስተን፣ አእምሯችንን በቀዝቃዛ ውሃ አንቅተን፣ ተመልሰን እንተኛለን። ህልም ላይ መሆናቸውን አውቀው ማለም የሚፈልጉ ሰዎች ሆን ብለው የሚያደርጉት ይህንኑ ነው። ከንጋት በፊት ይነሳሉ፣ ትንሽ ይቆያሉ፣ ተመልሰው ይተኛሉ። እነሱ ማንቂያ ይሞላሉ። እኛን ቧንቧው ይቀሰቅሰናል።

ከዚያም አሥራ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ ለታክሲ እንነሳለን። የቀረው ሬም ሳያልቅ ይቋረጣል። የተቋረጠ ህልም ደግሞ ተኝተን ከጨረስነው ይልቅ ይታወሳል፤ መሀሉ ላይ ተነስተናልና። እስቲ ቅዳሜ ውሃ ካልመጣ እስከ ሦስት ሰዓት ተኝታችሁ ንገሩኝ። ምን እንዳያችሁ ላታስታውሱ ትችላላችሁ።

ታክሲ ውስጥስ? በአሥር ደቂቃ ሬም ይገባል እንዴ?

በልቶ ጠጥቶ በደንብ ያደረ ሰው በአሥር ደቂቃ አይገባም። እንቅልፍ የተጠማ ሰው ግን ሊገባ ይችላል፤ በተለይ ማለዳ። ሌሊት የተቋረጠውን አእምሮ ሊሞላው ይጣደፋል።

ሬም ባይሆንም ሌላ አለ። እንቅልፍ ሲወስደን በር ላይ ብልጭ ብልጭ የሚሉ ምስሎችና ድምፆች ይመጣሉ። ስም ሲጠራ የምትሰሙት፣ ከደረጃ የወደቃችሁ የሚመስላችሁ ያኔ ነው። አጭር ናቸው። ግን መኪናው ሲነቀንቅ እየነቃን፣ እየተኛን፣ አንዱን ከአንዱ እየሰፋን አንድ ረጅም ታሪክ እናደርጋቸዋለን። የእኔ አዝመራ ከእነዚህ የተሰፋ ነው ብዬ እጠረጥራለሁ። መንገዱ ደግሞ ጉድጓድ አያጣም፤ መርፌው ብዙ ነው።

ሰዓቱን በፈረንጅ አየሁት ይሆን?

የሚያስቅ ጥያቄ ነው ብዬ ነበር። አይደለም። አንዷ እህቴ ብዬ የምጠራት የሰልፍ ጓደኛዬ ስትተኛ የግድግዳው ሰዓት 12:30 ነበር። ስትነቃ ስልኳ 7:00 ይላል። ስድስት ሰዓት ተኩል እንደተኛች አምና ተነሳች፤ ከሥራ ቀረሁ ብላም አለቀሰች። ስልኳ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው። ከጠዋቱ አንድ ሰዓት ነው። የተኛችው ሠላሳ ደቂቃ ነው።

ሁለት አቆጣጠር ይዘን የምንኖር ሰዎች ነን። ከእንቅልፍ የተነሳ አእምሮ ደግሞ ለጥቂት ደቂቃ ሙሉ በሙሉ አይነቃም። ያን ጊዜ ስድስት ሰዓት መደመርና መቀነስ አትሞክሩ። መስኮት ክፈቱ፤ ፀሐይዋን እዩ።

አቤሜሌክ 66 ዓመት ተኝቶ የለም? ያስ?

እማማ፣ ታች ፎቅ ያሉት፣ ይህን ሳያነሡ አይቀሩም። ደስ የሚል ታሪክ ነው። አቤሜሌክ በኤርምያስ ተልኮ በለስ ለቅሞ ሲመለስ ከዛፍ ጥላ ሥር አረፍ አለ። ሲነሣ 66 ዓመት አልፏል። በለሱ ግን ትኩስ ነው። እኔ ከሁሉ የምወዳት ሲነቃ ያላትን ነው። ራሴን ከበደኝ፣ እንቅልፌን አልጠገብኩም፣ ትንሽ ብተኛ ወደድኩ ይላል። ከ66 ዓመት በኋላ! የጠዋት ማንቂያ ላይ «አምስት ደቂቃ ብቻ» የሚል ሰው ሁሉ የእሱ ዘመድ ነው።

የዋሻው ሰዎችም አሉ። በቁርዓን 300 ዓመት፣ ዘጠኝም ተጨምሮ ቆይተው ሲነቁ አንድ ቀን ወይም የቀን ከፊል የቆዩ መሰላቸው። ሙስሊም ጎረቤቶቼ ዓርብ ዓርብ ሱረቱል ካህፍን ስለሚቀሩ በቃል ያውቁታል።

ግን ልብ ብላችሁ ተመልከቱ፤ እነዚህ የእኛ ተቃራኒ ናቸው። እነሱ ረጅም ተኝተው አጭር መሰላቸው። እኛ አጭር ተኝተን ረጅም ይመስለናል። እማማን ይህን ብላቸው ትንሽ አሰቡና «ለእነሱ እግዜር ጊዜውን ደበቀላቸው፤ ለእናንተ ሰይጣን አበዛባችሁ» አሉ። አልተከራከርኩም።

ዱካክ ከዚህ ጋር ይገናኛል?

ይገናኛል። እንዲያውም ከሁሉ የከፋው ትርፍ እሱ ነው። ዱካክ ሲይዛችሁ አእምሮ ነቅቷል፤ አካል ግን ገና ከሬም እስራቱ አልተፈታም። ደረት ይከብዳል፣ አፍ አይከፈትም፣ ክፍሉ ውስጥ የሆነ ሰው ያለ ይመስላል። አብዛኛውን ጊዜ የሚቆየው ከሴኮንዶች እስከ አንድ ሁለት ደቂቃ ነው። ለያዘው ሰው ግን ሌሊቱ ያለቀ ይመስለዋል።

እዚህ ጋ የፍርሃት ሥራ አለበት። ፍርሃት ጊዜን ያስረዝማል፤ ነቅተንም ያስረዝማል። ብዙ ጊዜ የሚመጣው በጀርባ ሲተኙ፣ እንቅልፍ ሲጎድልና የመኝታ ሰዓት ሲዘበራረቅ ነው። ጎን ቀይሩ። ከያዛችሁ ደግሞ ለመነሳት አትታገሉ፤ ጣት ወይም ምላስ ለማንቀሳቀስ ሞክሩ፣ ትንፋሻችሁን አረጋጉ። ያልፋል። የሚጸልይ ይጸልይ፤ እኔም እጸልያለሁ።

ቡናና መጠጥ ያበዙታል?

ማታ ሁለት ሦስት ቢራ ወይም አረቄ የወሰደ ሰው ቶሎ ይተኛል። አልኮሉ ግን በሌሊቱ መጀመሪያ ሬሙን ይጫነዋል። ሲወጣለት፣ ከሌሊቱ ስምንት ዘጠኝ ሰዓት በኋላ፣ የታፈነው ሬም ገንፍሎ ይመጣል። ህልሙም ይሰክራል። የዓመት በዓል ማግስት ሰልፍ ላይ የምሰማው ህልም ከሁሉ ይረዝማል፤ ምክንያቱ ይህ ነው።

ቡና ህልም አይሠራም። እንቅልፍ ነው የሚቆራርጠው። ከጠጣችሁት ካፌይን ግማሹ ከአምስት ሰዓት ገደማ በኋላም ደማችሁ ውስጥ አለ። ማታ አንድ ሰዓት ላይ አቦል፣ ቶና፣ በረካ ብላችሁ ስትነሱ ስድስት ሰዓት ላይም ቡናው አልተኛም። እኔ በረካውን ትቻለሁ። ባለቤቴ ግን በረካ ሳይጠጡ መነሳት ነውር ነው ትላለች፤ እንዳትሰማ።

ልጆችም ያዩታል?

ትንንሾቹ ብዙም። ዴቪድ ፎልክስ የሚባል አሜሪካዊ ለዓመታት ልጆችን ከሬም እየቀሰቀሰ ሲጠይቅ ትንንሾቹ ብዙውን ጊዜ ህልም የላቸውም፤ ቢኖራቸውም አጭርና ቆሞ የቀረ ሥዕል ነው። ታሪክ ያለው ህልም ከፍ ሲሉ ይመጣል። የአምስት ዓመት ልጃችሁ ረጅም ህልም ከነገረቻችሁ ግማሹን ስትነግራችሁ እየፈጠረችው ሊሆን ይችላል። አታቋርጧት።

የእኔ ህልም ፍቺው ምንድን ነው?

ህልም እንደ ፈቺው ነው ይባላል። እኔ ፈቺ አይደለሁም። እማማን ጠይቁ፤ ጤፍ ካያችሁ ገንዘብ፣ ጥርስ ከወለቀ ሞት ይላሉ። ዘጠኝ ጥርስ የወለቀበት ሰው አውቃለሁ፤ ዘመዶቹ በሙሉ ደኅና ናቸው።

ሆን ብዬ ላስረዝመው እችላለሁ?

ይህን የሚጠይቁኝ ወጣቶች ናቸው። ፈተና የደረሰበት አንዱ በህልሙ ሁለት ሳምንት ሊያጠና አስቦ ነበር። አይሆንም። የማታውቁትን ምዕራፍ ህልም ከየት ያመጣዋል? መጽሐፉን ስትከፍቱት ፊደሉ ይቀያየራል። አንድ ጊዜ አንብባችሁ ዞር ብላችሁ ስትመለሱ ሌላ ነገር ተጽፏል። ሰዓትም እንዲሁ ነው። ህልም ላይ መሆናቸውን ለማወቅ ሁለት ጊዜ ሰዓት የሚያዩ ሰዎች ያሉትም ለዚህ ነው።

የምትችሉት ማስታወስን ነው። ደብተር ትራስ ሥር አድርጉ። ስትነቁ ሳትንቀሳቀሱ ትንሽ ቆዩ፤ ከዚያ ስልክ ከመንካታችሁ በፊት ጻፉ። ምን ያህል ቆየ ብላችሁ አትጻፉ። ያያችሁትን ብቻ ጻፉ። በሳምንቱ ስታነቡት የሦስት ቀኑ ሠርግ ስድስት መስመር ሆኖ ታገኙታላችሁ። ጎረቤቴ አንድ ጊዜ ሞክራ ደብተሩን ለልጇ ለሒሳብ ሰጠችው።

መቼ ነው ሐኪም ማየት ያለብኝ?

ረጅም ህልም ብቻውን በሽታ አይደለም። ግን ሌሊት በቂ ተኝታችሁ ቀን ሥራ ላይ፣ ወሬ መሀል፣ ቆማችሁ ሳይቀር እንቅልፍ የሚጥላችሁ ከሆነ፣ ስትስቁ ወይም ስትደነግጡ ጉልበት የሚከዳችሁ ከሆነ ሂዱ። አጥብቃችሁ የምታንኮራፉና ትንፋሽ የሚቆራረጥባችሁም እንደዚያው። በህልሙ እየተማታ አጠገቡ የተኛውን የሚመታ ሰው፣ በተለይ ዕድሜው የገፋ፣ ችላ አይባል። አንዳንድ መድኃኒትም ህልም ያበዛል፤ ለወባ የሚሰጠው ሜፍሎኪን በዚህ የታወቀ ነው። መድኃኒት በራሳችሁ አታቋርጡ፤ ለሰጣችሁ ሐኪም ንገሩ። ጸበል የምትጠመቁም መድኃኒታችሁን ይዛችሁ ተጠመቁ።

ሹፌሮችን ለብቻ ልናገር። መሪ ላይ ሆኖ ህልም ብልጭ ካለ ህልሙ ሳይሆን እንቅልፉ ነው ጉዳዩ። መስኮት መክፈትና ሬዲዮ ማስጮህ አያድንም። ዳር ይዛችሁ ሩብ ሰዓት ተኙ።

ከትርፍ ህልም ስነቃ መውረጃዬ አልፎ ከሆነስ?

ይህ ከሁሉ በላይ የሚጠየቅ ነው፤ መጀመሪያ ላይ ማስቀመጥ ነበረብኝ። በር አጠገብ ያለውን ወንበር አትያዙ፤ ሰው በወረደ ቁጥር ስለሚያስነሷችሁ ህልሙም አይረባም። መስኮት ጋ ተቀመጡ። ስትገቡ ወያላውን «ወንድሜ፣ ሳሪስ ስንደርስ ቀስቅሰኝ» በሉት። ሂሳቡን አስቀድማችሁ ስጡት፤ ያልከፈለ ሰው ከሆናችሁ ህልማችሁ መሀል ገብቶ ትከሻችሁን ይነካል። ቦርሳችሁን እቅፍ፣ ስልካችሁን የውስጥ ኪስ አድርጉ። ያም ሆኖ ካለፋችሁ አትጩኹ። ለገሀር ድረስ ሂዱና ከማዶ በኩል ተሳፈሩ። አዝመራ ሰብስባችሁ የመጣችሁ ብትሆኑም የመልሱን ሂሳብ ማንም አይከፍልላችሁም። እኔ ሦስት ጊዜ ከፍያለሁ።